ለመጀመሪያ ጊዜ ጥፋተኛ የተባለ ሰው ቅጣቱ በገደብ እንዲታገድለት እንዴት ይጠየቃል?

በወንጀል ችሎት የጥፋተኝነት ውሳኔ በተነበበበት ቀን አብዛኛው ቤተሰብ ነገሩ ያበቃለት ይመስለዋል። እናት ታለቅሳለች፣ ወንድም ስንቅና ብርድ ልብስ ለማዘጋጀት ይሮጣል፣ ጠበቃውም ቢሆን ደክሞት መዝገቡን አጥፎ ይወጣል። ነገር ግን ጥፋተኝነትና ቅጣት ሁለት የተለያዩ ውሳኔዎች ናቸው፤ በመካከላቸው ያለችው አጭር ጊዜ ደግሞ ከዚህ ቀደም ወንጀል ሠርቶ ለማያውቅ ሰው ከጠቅላላው ክርክር ይልቅ ወሳኝ ልትሆን ትችላለች። ይህ ጽሑፍ በዚያች ጊዜ ምን መደረግ እንዳለበት፣ ማለትም የእስራት ቅጣት በገደብ እንዲታገድ በኢትዮጵያ ሕግ መሠረት እንዴት እንደሚጠየቅ ያስረዳል። በግል ጉዳይ ላይ ከመወሰን በፊት ጠበቃ ማማከርን የሚተካ አይደለም።

አስቀድሞ ቃላቱን መለየት ያስፈልጋል፤ ምክንያቱም በፍርድ ቤት ደጃፍ ላይ ገደብ፣ አመክሮ፣ ዋስትናና ይቅርታ እንደ አንድ ነገር ሲነገሩ ይሰማል። ዋስትና ፍርድ ከመሰጠቱ በፊት ተከሳሹ ከውጭ ሆኖ እንዲከራከር የሚያስችል መብት ነው። አመክሮ ታራሚው ከተፈረደበት የእስራት ዘመን ሁለት ሦስተኛውን ጨርሶ በመልካም ጠባዩ ቀሪውን ከውጭ ሆኖ እንዲጨርስ የሚፈቀድበት ሥርዓት ነው። ይቅርታ ደግሞ ከመንግሥት የሚገኝ ነው። ገደብ ግን ከእነዚህ ሁሉ ይለያል፤ ጥፋተኛ የተባለው ሰው ማረሚያ ቤት ሳይገባ ወይም የተፈረደበትን እስራት መፈጸም ሳይጀምር፣ ፍርድ ቤቱ ራሱ ጊዜ ወስኖና ግዴታ አስገብቶ የሚሰጠው የመፈተኛ ዕድል ነው። ስለዚህ ለማረሚያ ቤት ኃላፊ ወይም ለይቅርታ ቦርድ የሚጻፍ ማመልከቻ ገደብን አያስገኝም፤ ጥያቄው መቅረብ ያለበት ቅጣቱን ለሚወስነው ችሎት ነው።

ሕጉ የሚከፍታቸው ሁለት በሮች

በ1996 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 414 የወጣውና ከግንቦት 1 ቀን 1997 ዓ.ም. ጀምሮ በሥራ ላይ ያለው የወንጀል ሕግ ገደብን ከአንቀጽ 190 ጀምሮ በተከታታይ ይደነግጋል። አንቀጽ 190 መርሁን ያስቀምጣል፦ ፍርድ ቤቱ ቅጣትን ማገድ ጥፋተኛውን ያርመዋል፣ ወደ መልካም ኑሮም ይመልሰዋል ብሎ ሲያምን ሊያግድ ይችላል። “ይችላል” የሚለው ቃል ልብ ሊባል ይገባዋል። ገደብ ለተከሳሹ የሚሰጥ መብት ሳይሆን ለዳኛው የተተወ ሥልጣን ስለሆነ፣ ጠያቂው ሊያደርግ የሚችለው ዳኛው ይህን እምነት የሚይዝበትን ምክንያት በእጁ ማስያዝ ነው።

ከዚያ በኋላ ሁለት መንገዶች አሉ፤ ልዩነታቸውም ከፍተኛ ነው። አንደኛው በአንቀጽ 191 የተመለከተው ነው። ተከሳሹ ቀደም ሲል ያልተቀጣ፣ አደገኛነት የማይታይበት፣ የሠራው ወንጀልም በመቀጮ፣ በግዴታ ሥራ ወይም ከሦስት ዓመት በማይበልጥ ቀላል እስራት የሚያስቀጣ ሲሆን፣ ፍርድ ቤቱ ጥፋተኛ ካለው በኋላ ቅጣቱን ጨርሶ ሳይወስን ሊያቆየው ይችላል። የፈተናው ጊዜ በደህና ካለፈ ቅጣት አይወሰንም፤ የጥፋተኝነት ውሳኔውም እንዳልነበረ ይቆጠራል። ሁለተኛው በአንቀጽ 192 የተመለከተው ሲሆን፣ በዚህኛው ፍርድ ቤቱ ቅጣቱን ይወስናል፣ ለምሳሌ ሁለት ዓመት እስራት ብሎ ይፈርዳል፣ ነገር ግን አፈጻጸሙን ያግዳል። ጥፋተኛው ፈተናውን ቢያልፍ እስራቱ አይፈጸምበትም፤ ሆኖም የጥፋተኝነቱ ፍርድ በመዝገብ ይቀራል፣ ወደፊት ሌላ ወንጀል ቢሠራም ይቆጠርበታል።

በተግባር ያለው ትልቁ ስህተት እዚህ ላይ ነው። ብዙ ማመልከቻዎች “ቅጣቱ በገደብ ይሁንልኝ” ብለው ብቻ ያበቃሉ፤ በየትኛው አንቀጽ እንደሆነ አይናገሩም። ዳኛውም በልማድ በአንቀጽ 192 ቅጣቱን ወስኖ ያግደዋል፣ ተከሳሹም እቤቱ በመግባቱ ተደስቶ ይሄዳል፣ ከዓመታት በኋላ ለሥራ ወይም ለጉዞ የጣት አሻራ ሰጥቶ ከወንጀል ነፃ የሚል ማስረጃ ሲጠይቅ ግን መዝገቡ ይመጣበታል። ለመጀመሪያ ጊዜ ለተሳሳተ ሰው አንቀጽ 191 የተጻፈለት ሆኖ ሳለ ሳይጠየቅ መቅረቱ ያሳዝናል።

የትኛው በር ክፍት እንደሆነ የሚታወቀው የተፈረደበት አንቀጽ የሚያስቀምጠውን የቅጣት ጣሪያ በማየት ነው። በሰፈር ጠብ ሰው የመታ ወጣት በአንቀጽ 556 በቀላል የአካል ጉዳት ጥፋተኛ ቢባል፣ ጣሪያው ከሦስት ዓመት ቀላል እስራት ስለማይዘል በአንቀጽ 191 መጠየቅ ይችላል። በአንጻሩ በቸልተኝነት ሰው ገጭቶ የገደለ ሹፌር በአንቀጽ 543(2) ቢፈረድበት፣ ይህ አንቀጽ ከአንድ እስከ አምስት ዓመት ቀላል እስራትና መቀጮ የሚያስከትል በመሆኑ፣ ምንም እንኳ ሰውየው ሃያ ዓመት ሙሉ አንድ ጥፋት ሳይኖርበት የነዳ ቢሆንም፣ የመጀመሪያው በር ዝግ ነው፤ የሚጠይቀው በአንቀጽ 192 ነው። በአንቀጽ 665 የሚወድቅ ስርቆትም እንደ ሁኔታው እስከ አምስት ዓመት ጽኑ እስራት ሊደርስ ስለሚችል ከዚሁ ወገን ነው። ሹፌሩ ሰክሮ ወይም ደንብን በግልጽ ጥሶ ከሆነና ጉዳዩ ወደ አንቀጽ 543(3) ከተሻገረ ቅጣቱ ከአምስት ዓመት ጽኑ እስራት ስለሚጀምር የገደብ ተስፋ እጅግ ይመነምናል። አንቀጽ 194 ደግሞ ከዚህ ቀደም ጽኑ እስራት ወይም ከሦስት ዓመት የበለጠ ቀላል እስራት ፈጽሞ እንደገና እንዲህ ያለ ቅጣት የሚወሰንበትን ሰው ከገደብ ያስወጣዋል። ክሱ የቀረበው በወንጀል ሕጉ ሳይሆን በልዩ አዋጅ ከሆነ፣ ያ አዋጅ ስለ ገደብ የሚለው ነገር እንዳለ አስቀድሞ ማንበብ ግድ ነው።

ከወንጀል ሕጉ በፊት የነበረው የ1949 ዓ.ም. የወንጀለኛ መቅጫ ሕግም ሁለቱንም መንገዶች ይዞ ነበር፤ ያንን ሕግ ያረቀቁት የስዊዘርላንዱ ሊቅ ዣን ግራቨን ነበሩ። መንገዶቹ ከሁለት የሕግ ባህሎች የመጡ ናቸው። ቅጣትን ሳይወስኑ ጥፋተኛውን በክትትል ሥር ማቆየት በ1841 እ.ኤ.አ. በቦስተን ከተማ ጆን ኦገስተስ የተባለ ጫማ ሠሪ አንድን ሰካራም ከፍርድ ቤት ዋስ ሆኖ ተረክቦ፣ ሰው አድርጎ ከመመለሱ ጋር ይያያዛል። ቅጣትን ወስኖ አፈጻጸሙን ማገድ ደግሞ በቤልጅግ በ1888፣ በፈረንሳይም በ1891 እ.ኤ.አ. በሕግ የተደነገገ ነው። የጫማ ሠሪው ሥራ ለእኛ እንግዳ አይመስልም፤ “እኔ ዋሱ ነኝ” ብሎ ለሰው ጠባይ ራስን ማስያዝ በአገራችን ከጽሑፍ ሕግ በፊት የነበረ ነገር ነው።

ጥያቄው መቼ ይቀርባል?

በ1954 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ የተከሳሹ የቀድሞ ጥፋት ጥፋተኛ እስኪባል ድረስ ለፍርድ ቤቱ እንዳይገለጽ በአንቀጽ 138 ይከለክላል። የዚህም ትርጉም ዳኛው ጥፋተኝነትን ሲወስን ሰውየው ማን እንደሆነ አያውቅም ማለት ነው፤ መልካም ኑሮውንም ቢሆን ገና አልሰማም። ይህን የሚሰማው በአንቀጽ 149 መሠረት ነው፦ በመጀመሪያ ዐቃቤ ሕግ ስለ ቅጣቱ መክበድ ወይም መቅለል የሚለውን እንዲናገር ይጠየቃል፣ ቀጥሎ ተከሳሹ ወይም ጠበቃው መልስ ይሰጣል፣ ስለ ጠባዩ የሚመሰክሩ ምስክሮችንም ሊያቀርብ ይችላል። የገደብ ጥያቄ ትክክለኛ ቦታው ይህ ነው።

ችግሩ ይህ ሥርዓት አንዳንድ ጊዜ በደቂቃዎች ውስጥ ማለቁ ነው። ዳኛው “የቅጣት ማቅለያ አለህ?” ብሎ ሲጠይቅ ያልተዘጋጀ ተከሳሽ “የልጆች አባት ነኝ፣ ይቅርታ ይደረግልኝ” ብሎ ይቀመጣል። እንዲህ ያለውን ለማስቀረት ጠበቃው ጥፋተኛ የመባል ዕድል እንዳለ ሲያይ ማስረጃዎቹን አስቀድሞ ማሰባሰብ፣ ውሳኔው በተነበበበት ዕለትም የቅጣት አስተያየቱን በጽሑፍ ለማቅረብ አጭር ቀጠሮ መጠየቅ አለበት። ጠበቃ ለማቆም አቅም የሌለውና ፍትሕ ሊጓደልበት የሚችል ተከሳሽ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 20(5) መሠረት በመንግሥት ወጪ ተከላካይ ጠበቃ የማግኘት መብት አለው፤ ተከላካይ ጠበቃው ግን በአንድ ቀን ብዙ መዝገብ የሚይዝ ሰው ስለሆነ ማስረጃውን ፈልጎ ማምጣት የቤተሰቡ ሥራ መሆኑን መቀበል ይሻላል።

አንድ ነገር እዚህ ላይ በጥብቅ መነገር አለበት። “አምነህ ተናገር፣ በገደብ ትወጣለህ” የሚል ምክር ከመርማሪም ይምጣ ከደላላ፣ ማንም ሊፈጽመው የማይችለው ቃል ነው። ያልሠራውን ወንጀል ገደብ ለማግኘት ብሎ የሚያምን ሰው የሚያገኘው እርግጠኛ ነገር የጥፋተኝነት ፍርድ ብቻ ነው። በእርግጥ የሠራው ሰው ማመኑ ግን በአንቀጽ 82 ከተዘረዘሩት የቅጣት ማቅለያዎች መካከል ከልብ መጸጸትን ለማሳየት ከሁሉ የጠነከረው መንገድ ነው።

ለዳኛው ምን ይቅረብ?

ዳኛው ሊመልሰው የሚገባው ጥያቄ ያለፈውን ሳይሆን የሚመጣውን ይመለከታል፦ ይህ ሰው ከውጭ ቢቀር እንደገና ያጠፋል ወይስ አያጠፋም? አሳዛኝ ታሪክ ይህን አይመልስም። እስር ቤት የገባ ሰው ሁሉ እናት አለው፤ ልጅ ያላቸውም ብዙዎች ናቸው። ከዚህ ይልቅ ወንጀሉ ከተፈጸመበት ቀን አንሥቶ እስከ ፍርዱ ቀን ድረስ ሰውየው ያደረገው ነገር ይበልጥ ይናገራል።

ከእነዚህ ሁሉ በላይ የሚመዝነው ለተጎጂው የተደረገው ነው። በጠብ የተጎዳውን ሰው ሕክምና ቤት የወሰደው ማን ነው? የሕክምናውን ወጪ የከፈለ ከሆነ ደረሰኙ የት አለ? የተሰረቀው ስልክ ወይም ገንዘብ ተመልሷል? በሽማግሌዎች ፊት ዕርቅ ተደርጎ ከሆነ፣ ዕርቁ በቃል ብቻ እንዳይቀር የዕርቁን ቀን፣ የተከፈለውን ካሳና የተጎጂውን ፈቃድ የሚገልጽ ጽሑፍ በሁለቱም ወገንና በሽማግሌዎቹ ፊርማ መዘጋጀት አለበት፤ የሚቻል ከሆነም ተጎጂው ራሱ ችሎት ቀርቦ ቢያረጋግጥ የተሻለ ነው። በግል አቤቱታ ብቻ በሚያስከስሱ ወንጀሎች ዕርቁ ጉዳዩን ከነጭራሹ ሊዘጋው ይችላል፤ በሌሎቹ ግን ክሱን አያቆመውም፣ ቅጣቱን ለማቅለልና ለገደብ ግን ትልቅ ድጋፍ ይሆናል። ተጎጂውን በማስፈራራት ወይም በጎረቤት ጫና የተገኘ ፊርማ ያመጣ ሰው ግን ያለችውን ዕድል በገዛ እጁ ያጠፋል፣ ሌላ ክስም ይጠራል። ሽማግሌ መላክ ፍሬ የሚያፈራው የሚላከው ሰው በተከሳሹ ቤተሰብ ብቻ ሳይሆን በተጎጂው ዘንድም የተከበረ ሲሆን ነው።

ቀጥሎ የሚመጣው የኑሮ ማስረጃ ነው። ቋሚ አድራሻ ስለመኖሩ ከወረዳ ወይም ከቀበሌ፣ ሥራ ስለመኖሩ ከአሠሪ፣ ትምህርት ላይ ስለመሆኑ ከትምህርት ቤት፣ ሕመም ካለ ከሐኪም፣ በሥሩ የሚተዳደሩ ሰዎች ካሉም ይህንኑ የሚያሳይ ደብዳቤ ይያያዛል። ከእነዚህ ውስጥ ብዙ ጊዜ በስህተት የሚጻፈው የአሠሪ ደብዳቤ ነው። “ታታሪና ሥነ ምግባር ያለው ሠራተኛ ነው” የሚለው የተለመደ ወረቀት ዳኛውን አያሳምንም፤ አሠሪው ስለ ጥፋተኝነቱ ማወቁንና ይህም ሆኖ ቦታውን እንደሚጠብቅለት የሚገልጽ አንድ ዓረፍተ ነገር ግን ከአሥር የምስጋና ቃል ይበልጣል። የጠባይ ምስክሮችም ቢሆኑ ሁለት የሚያውቁት ሰዎች ይበቃሉ። የዕድሩ ዳኛ፣ የንስሐ አባት፣ የመስጊዱ ኢማም ወይም የቀድሞ መምህር ቀርቦ፣ ሰውየውን ከስንት ዓመት ጀምሮ እንደሚያውቀውና ከጥፋቱ በኋላ ምን ለውጥ እንዳየበት ቢናገር፣ የሰፈሩን ሰው በሙሉ ችሎት ከማጨናነቅ ይሻላል።

ሦስተኛውና ብዙ ጊዜ የሚዘነጋው የወንጀሉን መነሻ የሚነካ ዕቅድ ነው። ጠቡ በመጠጥ ምክንያት የተነሣ ከሆነ ተከሳሹ ከመጠጥ ለመራቅ የጀመረው ነገር፣ ስርቆቱ በሥራ ማጣት ከሆነ የተገኘው ሥራ ወይም የተመዘገበበት የሙያ ሥልጠና፣ ጠቡ ከአንድ ጎረቤት ጋር ከሆነ ወደ ሌላ ሰፈር መዛወሩ ይገለጻል። ሕጉ ፍርድ ቤቱ ጥፋተኛው ሙያ እንዲማር፣ በተወሰነ ቦታ እንዲኖር፣ ከአንዳንድ ቦታዎች ወይም ከመጠጥ እንዲርቅ የጠባይ ደንብ እንዲያወጣ ስለሚፈቅድ፣ ተከሳሹ እነዚህን ግዴታዎች ራሱ አስቀድሞ ማቅረቡ የዳኛውን ሥራ ያቀልለታል።

ማመልከቻው ረጅም መሆን አያስፈልገውም፤ ሁለት ገጽ ይበቃዋል። ዋናው ቃሉ እንደሚከተለው ሊሆን ይችላል፦ “ተከሳሹ ከዚህ በፊት በማናቸውም ወንጀል ያልተቀጣ ሲሆን፣ ጥፋተኛ የተባለበት ወንጀል ከሦስት ዓመት በማይበልጥ ቀላል እስራት የሚያስቀጣ ነው። ጥፋቱን በመጀመሪያ ቀጠሮ አምኗል፣ የተጎጂውን የሕክምና ወጪ ከፍሏል፣ በተያያዘው ጽሑፍ እንደሚታየውም ታርቋል። በመሆኑም በወንጀል ሕግ አንቀጽ 191 መሠረት ቅጣቱ ሳይወሰን በፈተና ጊዜ እንዲቆይ፣ ይህ ካልተፈቀደም በአማራጭ በአንቀጽ 192 መሠረት የቅጣቱ አፈጻጸም እንዲታገድለት እናመለክታለን።” አማራጩን መጨመር አስፈላጊ ነው፤ የመጀመሪያው ባይፈቀድ ሁለተኛው ሳይጠየቅ እንዳይቀር ያደርጋል። ከዚህ ጋር፣ እያንዳንዱ የቅጣት ማቅለያ ከነማስረጃው ተነጥሎ መጠቀስ አለበት፤ በጠቅላይ ፍርድ ቤቱ የቅጣት አወሳሰን መመሪያ ቁጥር 2/2006 መሠረት ተቀባይነት ያገኘ ማቅለያ ቅጣቱን ከእርከን ወደ እርከን ዝቅ ስለሚያደርገው፣ ቅጣቱ ባነሰ ቁጥር ለማገድም ይቀላል።

ከተፈቀደ በኋላ

ገደብ የሚሰጠው ከሁለት እስከ አምስት ዓመት ለሚደርስ የፈተና ጊዜ ነው። ጥፋተኛው መልካም ጠባይ ለማሳየት፣ የተሰጠውን ደንብ ለመቀበል፣ ያደረሰውንም ጉዳት በሚችለው መጠን ለመካስ ግዴታ ይገባል፤ ለዚህም ችሎቱ የመልካም ጠባይ ዋስትና በገንዘብ ወይም በሰው ያስይዘዋል። ስለዚህ ዋስ የሚሆነው ሰው መታወቂያውንና የገቢ ማስረጃውን ይዞ በቅጣቱ ቀን ችሎት አካባቢ ቢገኝ ጥሩ ነው፤ ገደብ ተፈቅዶለት ዋስ ባለመገኘቱ ብቻ አርብ ከሰዓት በኋላ ወደ ጣቢያ ተመልሶ እስከ ሰኞ የቆየ ሰው አይቻለሁ።

ትእዛዙ ከተሰጠ በኋላ ግልባጩን ማውጣትና ሦስት ነገሮችን ማረጋገጥ ያስፈልጋል፦ የፈተናው ጊዜ መቼ ይጀምራል፣ መቼስ ያበቃል? የትኞቹ ግዴታዎች በግልጽ ተጽፈዋል? ከእስራቱ ጋር የተወሰነ መቀጮ ካለ እርሱም ታግዷል ወይስ መከፈል አለበት? ያልታገደ መቀጮን “በገደብ ወጥቻለሁ” ብሎ ሳይከፍሉ መቅረት የተለመደ ስህተት ነው። የሚከታተል ሰው ብዙ ጊዜ ላይኖር ይችላል፤ በሕጉ የተጻፈው ክትትል በተግባር ከወረቀት ሳያልፍ የሚቀርበት ጊዜ ብዙ ነው። ይህ ግን ፈተናው የለም ማለት አይደለም። ሰውየው በፈተናው ጊዜ አስቦ ሌላ ወንጀል ቢሠራ እግዱ ተነሥቶ የቀድሞው ቅጣት ከአዲሱ ጋር ይፈጸምበታል፤ የጠባይ ደንቦቹን ተግሣጽ ተሰጥቶት ሳለ ቢጥስም እግዱ ሊሻርበት ይችላል። አድራሻ መቀየር ወይም ለሥራ ወደ ሌላ ክልል መሄድ የግድ ከሆነ ከመሄድ በፊት ለፍርድ ቤቱ ማሳወቅ ይገባል።

በውጭ አገር የሚኖሩ ወገኖቻችን ደግሞ የየአገሩ የስደተኞች ሕግ ገደብን በሌላ ዓይን እንደሚያየው ማወቅ አለባቸው። በአሜሪካ የፌዴራል የኢሚግሬሽን ሕግ የታገደ የእስራት ቅጣት እንደተፈጸመ ያህል ይቆጠራል፤ ጥፋትን አምኖ ፍርዱ እንዲቆይለት የተደረገ ሰውም ብዙ ጊዜ ጥፋተኛ እንደተባለ ይታያል። ግሪን ካርድ ያለው ሰው በዚያ አገር ፍርድ ቤት “እስር የለውም” የተባለበትን ስምምነት ከመፈረሙ በፊት ከወንጀል ጠበቃው ሌላ የኢሚግሬሽን ጠበቃ መጠየቅ ይኖርበታል።

ካልተፈቀደ

ጥያቄው ውድቅ ቢሆን የመጀመሪያው ሥራ ፍርድ ቤቱ ምክንያቱን መጻፉን ማየት ነው። ገደብ የዳኛው ፈቃድ ቢሆንም፣ የቀረበውን ማስረጃ ሳይመዝን ወይም ተከሳሹ በሕግ የማይከለከል ሆኖ ሳለ “ሕጉ አይፈቅድም” ብሎ የተዘጋ ጥያቄ ለይግባኝ በቂ ነጥብ ነው። በሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 187 መሠረት ይግባኝ ለማለት ማሳወቂያው ፍርዱ በተሰጠ በ15 ቀን ውስጥ፣ የይግባኙ ማመልከቻ ደግሞ የፍርዱ ግልባጭ በደረሰ በ30 ቀን ውስጥ መቅረብ አለበት። እነዚህ ቀናት የሚቆጠሩት ሰውየው በማረሚያ ቤት ሳለ ስለሆነ፣ ግልባጩን በዚያው ሳምንት ጠይቆ ማውጣት፣ የወጣበትንም ቀን በጽሑፍ መያዝ የውጭው ቤተሰብ ሥራ ነው።